ሰባተኛው ቦታ

ምንተስኖት ከኢንተርኔት ያወረደውን ፋይል ሲከፍት አባቱን ፂሙን ሲላጭ አገኘው። አባቱ ከሞተ አሥራ ስምንት ዓመት ሆኖታል። በረንዳው ላይ፣ ሰማያዊው ሳፋ ፊት ለፊት በርጩማ ላይ ተቀምጧል፤ ግማሽ ፊቱ አረፋ ነው። መስተዋቱን የመስኮቱ ብረት ላይ ሰክቶታል። ዘወር ሳይል እጁን ወደ ኋላ ዘረጋና፣

«ዳግም፣ ፎጣውን አቀብለኝ» አለው።

ምንተስኖት ፎጣውን አቀበለው። ከዚያ ከፋይሉ ወጣ፤ ላፕቶፑን ዘጋ፤ እጁን አሸተተ። እጁ የመላጫ ሳሙና ይሸታል።

አንድ ወረቀት አወጣና ሁለት ነገር ጻፈ። አንደኛው «አባዬ ነው» ይላል። ሁለተኛው «ስሜ ዳግም አይደለም» ይላል። ሁለተኛውን ለማረጋገጥ መታወቂያውን ከኪሱ አውጥቶ አየ።

ምንተስኖት ድሬዳዋ ውስጥ የነጋዴ ሚዛን የሚፈትሽ ሠራተኛ ነው። የሚዛን ድንጋዮቹን በእንጨት ሣጥን ይዞ ከሱቅ ሱቅ ይዞራል። ደንቡ ሁለት ጊዜ መዝን ይላል፤ እሱ ሦስት ጊዜ ይመዝናል። በሦስተኛውም ሚዛኑ ልክ ሆኖ ሲያገኘው፣ ተሳስተው ከሆነስ ብሎ ድንጋዮቹን ይጠረጥራል።

ፋይሉን ያገኘው በልጅነቱ የተጫወተውን ጌም ሲፈልግ ነው። ኢሙሌተር የሚባል ፕሮግራም አለ፤ ኮምፒውተርን እንደ ድሮ የጌም ማሽን ያሠራዋል። ጌሙን ከመጀመሪያው መጀመር የታከተው ሰው ደግሞ፣ ሌላው ተጫውቶ ሴቭ ያደረገውን ፋይል ከድረ ገጽ አውርዶ፣ ያ ሰው ካቆመበት ይቀጥላል። ምንተስኖት የከፈተው ድረ ገጽ ላይ የዚያ ጌም ሃያ ሦስት ሴቮች ነበሩ። ከሃያ ሦስቱ በአንዱ ላይ የሰፈረው ቀን 21/10/1998 ይላል።

ከሥሩ የውጭ አገር ሰዎች አስተያየት ሰጥተዋል። አንዱ «ቀኑ የተበላሸ ነው፤ በ1998 ይህ ማሽን ገና አልተሠራም» ብሏል። ሌላው «ቀኑን ተዉት፤ በደንብ ይሠራል» ብሎ መልሶለታል። ሦስተኛው፣ «ይሠራል፤ ግን ሽማግሌው የማን አባት ናቸው?» ሲል ጠይቋል። ለሦስተኛው የመለሰ የለም። ፋይሉ አርባ አንድ ጊዜ ወርዷል።

ቀኑ አልተበላሸም። ሰኔ 21 ቀን 1998 ዓመተ ምሕረት ነው። የጌም ማሽን ሰዓት በኢትዮጵያ አቆጣጠር የሚሞሉ አንድ ሰው ብቻ ምንተስኖት ያውቃል፤ ጋሽ ዘለቀ።

ጋሽ ዘለቀ ከዚራ ሰፈር ውስጥ ጌም ቤት ነበራቸው። ብዙ ማሽን፣ አንድ ሜሞሪ ካርድ። ካርዷን በባዶ የሻይ ቅጠል ቆርቆሮ ውስጥ አድርገው ከወንበራቸው ሥር ያስቀምጧታል። ካርዷ ላይ አሥራ አምስት የሴቭ ቦታ ስላለ፣ ለአሥራ አምስት ልጆች ቁጥር ሰጥተው በደብተር ጽፈዋል። ቁጥር ሰባት፦ ምንተስኖት፣ የባቡሩ ሰውዬ ልጅ። ቁጥር ስምንት፦ ዳግማዊ፣ ሰፈሩ ዳግም የሚለው። የሌላ ሰው ቦታ ላይ ሴቭ ያደረገ ልጅ ለአንድ ሳምንት አይገባም።

የጌሙ ጽሑፍ ጃፓንኛ ስለነበረ ማንም አያነበውም። ልጆቹ «የበሮቹ ጌም» ይሉታል። ኮፍያ ያደረገ መንገደኛ አሥራ ሁለት በር ያልፋል፤ መጨረሻ ላይ ዘበኛው ስሙን ይጠይቀዋል። ምንተስኖት የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለ ከየካቲት ጀምሮ ተጫውቶ፣ በሰኔ የመጨረሻው በር ደጃፍ ላይ ደረሰ። እዚያ ሴቭ አድርጎ ወደ ቤቱ ሄደ።

በማግሥቱ፣ በሁለት ዓመት የሚበልጠው ዳግማዊ ሰባተኛውን ቦታ ከፈተ። በሩን አለፈ። ዘበኛው ስም ሲጠይቀው የራሱን ስም ጻፈ። ከዚያ እዚያው ሰባተኛው ላይ ሴቭ አደረገ።

ጋሽ ዘለቀ ሁለቱንም ጠርተው ጠየቁ። ዳግማዊ «ቁጥር ተሳስቼ ነው» አለ። ጋሽ ዘለቀ አጨባበጧቸው፤ ለምንተስኖትም አንድ ለስላሳ ከፈቱለት። ምንተስኖት ለስላሳውን ጠጣው። መጠጣቱ እስከ ዛሬ ይቆጨዋል።

ቤት ሲደርስ አባቱ ተኝቶ ነበር። ከየካቲት ጀምሮ ታሞ ቤት ውሏል ይባላል፤ ምንተስኖት ግን ይህን የሚያውቀው ከሰው ሰምቶ ነው። እሱ የሚያስታውሰው ጥር ላይ አባቱ ወደ ሥራው፣ ወደ ባቡር ጥገና ግቢ ሊሄድ ቆሞ ጫማውን ሲጠርግ ነው፤ ከዚያ ቀጥሎ ያለው ያ የሰኔ ቀን ነው። በመካከል ምንም የለም። አባቱ ቀና ብሎ አየውና ሚስቱን «ይሄ የማን ልጅ ነው?» አላት። በሦስተኛው ቀን ሞተ።

ሰዉ ሁሉ በሽታው ነው አለ። ምንተስኖትም ምናልባት በሽታው ነው ብሎ አሥራ ስምንት ዓመት ቆየ።

አሁን ፋይሉን ሁለተኛ ጊዜ ከፈተው። አባቱ ፎጣውን ጠየቀ፤ ምንተስኖት አቀበለ። ሦስተኛ ጊዜ ሲከፍተው ፎጣውን ይዞ ቆመና፣

«አባዬ፣ እኔ ምንተስኖት ነኝ» አለው።

አባቱ ዘወር ብሎ አየው። በአንድ ጉንጩ ላይ አረፋው እየደረቀ ነበር።

«ምንተስኖት? ጥሩ ስም ነው» አለው። «ጓደኛህ ነው?»

በማግሥቱ ምንተስኖት እናቱን ጠየቃት። ወይዘሮ ጥሩነሽ ምስር እየለቀመች ነበር።

«እማዬ፣ አባዬ ታሞ ሳለ አጠገቡ ማን ነበር?»

«ማን ይኖራል? ልጁ ነዋ። ውሃ የሚያቀብለው፣ ሲላጭ ፎጣ የሚይዝለት።» እጇ ምስሩ ላይ ቆመ። «አንተ ነህ አይደል?»

«ምን ይመስል ነበር?»

«ቁመቱ ረዘም ያለ» አለች እናቱ። ከዚያ ምስሯን ቀጠለች። ምንተስኖት አጭር ነው።

ዳግማዊ ስልክ ይጠግናል። ሱቁ ከምንተስኖት ቤት ሦስት መንገድ ያህል ይርቃል። ምንተስኖት ሣጥኑን ይዞ ሲገባ ዳግማዊ ሳቀ።

«አቦ፣ እዚህ ሚዛን የለም! ምኔን ልትመዝን መጣህ?»

«ሰባተኛውን ፋይል አወረድኩት።»

ዳግማዊ መፍቻውን አስቀመጠ። «እህ። አርባ ሁለተኛው ሰው አንተ ነህ ማለት ነው።»

«የጫንከው አንተ ነህ?»

«ጋሽ ዘለቀ ቤቱን ሲዘጉ ካርዷን ለኔ ተዉልኝ። ቆርቆሮ ውስጥ ከምትዝግ ሰው ይጠቀምባት ብዬ ጫንኳት። ጥሩ አምስት ወር ነው እኮ። አባትህ ጨዋታ ያውቁ ነበር።»

«ያን ጊዜ ቁጥር ተሳስቼ ነው ብለሃል።»

«አልተሳሳትኩም» አለ ዳግማዊ። «የኛ ቤት እንዴት እንደነበረ ታውቃለህ። የናንተን ቤት በመስኮት አየው ነበር።»

«መልስልኝ።»

«ምኑን? ሴቭ የተደረገ ነገር በምን ይመለሳል? በሰላሳ ዓመትህ ከየት አመጣኸው አቦ! ይልቅ ደስ ይበልህ፤ ሚስቴ ሩሃማ በዚህ ወር ትወልዳለች።»

ዳግማዊ ወደ ቤቱ መሄጃው ሰዓት ስለነበር በሩ ላይ ቆሞ ሁለት ጣቱን አፉ ውስጥ ከተተና አፏጨ። አጭር፣ ረጅም፣ አጭር። ባቡር ሊነሳ ሲል የሚሰጠው ምልክት ነው። መንገዱ ማዶ የነበረች ባጃጅ ዞራ መጣች።

«እሱን ማን አስተማረህ?» አለ ምንተስኖት።

«አባትህ ናቸዋ።»

ባጃጇ ከሄደች በኋላ ምንተስኖት ሁለት ጣቱን አፉ ውስጥ ከትቶ ሞከረ። አየር ብቻ ወጣ። ሦስት ጊዜ ሞከረ። ሦስቱም አየር ነበር።

ሩሃማ በሦስተኛው ሳምንት ሴት ልጅ ወለደች። ምንተስኖት የሕፃን ካልሲና ሳሙና ይዞ ሊጠይቃት ሄደ። ሕፃኗን «ሚጡ» ይሏታል። እቅፍ አድርጎ ክብደቷን ገመተ፤ ሦስት ኪሎ ከሁለት መቶ ግራም። ሩሃማ፣ «ወይ ጉድ፣ ነርሷም እንደዚያው ነው ያለችው!» አለች።

ዳግማዊ ሊሸኘው ሲወጣ ምንተስኖት አሳቡን ነገረው።

«የበሮቹን ጌም ላፕቶፔ ላይ ጭኜዋለሁ። ከመጀመሪያው ጀምረህ ለምን አትጨርሰውም? በሙቀቱ ሰዓት እየመጣሁ አብረን እንቀመጣለን።»

«ቂም የለህም ማለት ነው?»

ምንተስኖት ቆም ብሎ አሰበ።

«የለኝም» አለ።

ድሬዳዋ ውስጥ ከቀኑ ስድስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሱቅ ይዘጋል። ፀሐዩ መንገዱን ባዶ ያደርገዋል፤ ሰው ሁሉ ጥላ ውስጥ ነው። ምንተስኖት ለአምስት ወር በየቀኑ ስድስት ሰዓት ላይ ላፕቶፑን ይዞ ሄደ። ዳግማዊ መዝጊያውን ግማሽ ድረስ አውርዶ፣ ምንጣፍ ላይ ጋደም ብሎ ይጫወታል። ሴቭ ማድረጊያው ሲደርስ፣ «የኔ ቁጥር ስምንት ነው፤ ዛሬስ አልሳሳትም» ብሎ ይስቃል፤ ስምንተኛው ላይ ሴቭ ያደርጋል። ምንተስኖትም አብሮት ይስቃል።

ዳግማዊ ሲጫወት ወሬው ሁሉ ስለ ልጁ ነው። ምንተስኖት በደብተሩ ይጽፋል። በር ሁለት፤ እምብርቷ ደርቆ ወደቀ። በር አራት፤ ፊት ለየች። በር አምስት፤ ሳቀች። በር ስምንት፤ ትኩሳት ያዛት፣ ተሻላት። በር ዘጠኝ፤ አባቷ ማታ ሲገባ ከበር ላይ ያፏጭላታል፣ እሷም ዞራ ትፈልገዋለች። ይህን የመጨረሻውን ሲጽፍ እርሳሱ ተሰበረ። ቀርጾ ቀጠለ።

«ምንድን ነው ሁልጊዜ የምትጽፈው?» አለው አንድ ቀን ዳግማዊ።

«የት እንደደረስክ።»

«አይ አንተ! ጌሙንም እንደ ሚዛን!»

በአምስተኛው ወር ማብቂያ ዳግማዊ አሥራ ሁለተኛው በር ደጃፍ ላይ ደረሰ። ሴቭ አደረገ። ነገ እጨርሰዋለሁ አለና ሱቁን ከፈተ። ምንተስኖት ላፕቶፑን ይዞ ወደ ቤቱ ሄደ።

ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ ስምንተኛውን ከፈተ። መንገደኛው በሩን አለፈ። ዘበኛው ስም ጠየቀ። ምንተስኖት ስሙን ከመታወቂያው እያየ ጻፈ። ሴቭ አደረገ።

ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ያቆም ነበር። ምንተስኖት ግን ሳይፈትሽ ያስረከበው ነገር የለም።

አንደኛውን ጊዜ ሲከፍተው የዳግማዊ ቤት ውስጥ ነበር። ሩሃማ ሕፃኗን በፎጣ ጠቅልላ ከገንዳው አወጣችና፣ «ምንተስኖት፣ ያዛት» አለችው። ስሙ በትክክል ተይዟል። ምልክት አደረገ። ሁለተኛውን ጊዜ ሲከፍተው ሚጡ ደረቱ ላይ ተኝታ ነበር፤ ትንፋሿ ሸሚዙን አሙቆታል። ፋይሉ አይቆራረጥም። ምልክት አደረገ። ሦስተኛውን ጊዜ ሲከፍተው ከበሩ ላይ አየችው። ጥርስ በሌለው አፏ ሳቀችና ሁለት እጇን ዘረጋች። እዚያ ከሚገባው በላይ ቆየ። ወጥቶ «ስህተት የለበትም» ብሎ ጻፈ።

ከዚያ ፋይሉን ድረ ገጹ ላይ ጫነው።

በማግሥቱ ስድስት ሰዓት ላይ ሱቁ ሲደርስ ዳግማዊ ምንጣፉ ላይ ተቀምጦ ነበር። መዝጊያው እስከ ላይ ክፍት ነው።

«ቤቴ ውስጥ አንዲት ሕፃን አለች» አለ ዳግማዊ።

«የማን ናት?»

«ሩሃማ ያንተ ናት ትለኛለች። እሷ እርጉዝ ነበረች፤ እሱን አስታውሳለሁ። ከዚያ በኋላ ያለው የለም።» ዳግማዊ እጆቹን አየ። «አንስቼ ስይዛት አለቀሰች። አላወቀችኝም።»

«ምናልባት ሙቀቱ ይሆናል» አለ ምንተስኖት።

ከሱቅ አንድ ቀዝቃዛ ለስላሳ ገዝቶ መጣና ከፍቶ ሰጠው። ዳግማዊ አመሰገነው። እስከ መጨረሻው ጠጣው። ምንተስኖት ጠርሙሱ ባዶ መሆኑን አይቶ ሄደ። ያን ቀን አሥራ አንድ ሚዛን ፈትሾ አምስቱን አገደ፤ አንዴም እጁን አልተጠራጠረም።

በሦስተኛው ቀን ፋይሉ ዘጠኝ ጊዜ ወርዶ ነበር። በሳምንቱ ሠላሳ ደረሰ። አንድ ሰው «ከእስከ ዛሬው ሁሉ ምርጡ ሴቭ ነው» ብሎ ጽፏል። ሌላው «ቤቷ የት ነው?» ሲል ጠይቋል።

የመጀመሪያው ሰውዬ ከአዋሽ የመጣ የከባድ መኪና ሾፌር ነበር። መኪናውን ዋናው መንገድ ላይ አቁሞ በትሕትና «የሚጡ ቤት በየት በኩል ነው?» ብሎ ጠየቀ። ሁለተኛው ከጅቡቲ የመጣ መምህር ነው። ከዚያ በአውሮፕላን የመጡ ተከተሉ፤ አማርኛ አይችሉም፤ «ሚጡ» የሚለውን ግን ከሰፈሩ ሰው እኩል ይሉታል። ሁሉም የሆነ ነገር ይዘዋል፤ ካልሲ፣ የወተት ጡጦ፣ የጨርቅ በግ። በሙቀቱ ሰዓት፣ መንገዱ ባዶ ሲሆን፣ በዳግማዊ አጥር ጥላ ሥር ይሰለፋሉ። አይጋፉም፤ ድምፅ አያሰሙም።

ምንተስኖት ይህን ሲሰማ ደስ አለው። ደስታው ሙሉ መሆኑን ለማረጋገጥ ሄዶ ለማየት ወሰነ። መንገድ ላይ አንድ ሱቅ ገባና የሕፃን መጫወቻ ቃጭል ጠየቀ። ያሉትን ሁሉ እያቃጨለ ድምፁ ለስለስ ያለውን መረጠ። ከሱቁ ወጥቶ ጥቂት ከተራመደ በኋላ በእጁ የያዘውን አየ። መልሶ ሊሰጥ አሰበ። አልመለሰም።

ከሰልፉ መጨረሻ የቆመው ሾፌሩ ነበር።

«አንተስ ማን ነህ?» አለው።

«ምንተስኖት።»

«ሁላችንም እኮ ነን» አለ ሾፌሩ፤ በጥላው ውስጥም ትንሽ ቦታ ለቀቀለት።

«እኔ ዋናው ነኝ። ፋይሉን የሠራሁት እኔ ነኝ።»

«እሱንም ሁሉም ይላል፣ ወንድሜ። እኔም ብያለሁ።»

ምንተስኖት መታወቂያውን ለማውጣት እጁን ኪሱ ውስጥ ከተተ። ፊት ለፊቱ የቆሙትን ሰዎች አየ። እጁን ባዶውን አወጣው።

ዳግማዊ ደጃፉ ላይ ወንበር አውጥቶ ተቀምጧል። ፂሙን አልተላጨም። ሰልፉን ከጫፍ እስከ ጫፍ ቆጠረ።

«ስልሳ አራት» አለ። «የማናችሁም ትሁን፣ ቶሎ ወስኑ። ሩሃማ ታለቅሳለች።»

ምንተስኖትን ሲያይ ራሱን ነቅነቅ አድርጎ ሰላም አለው፤ ለሌሎቹ እንዳደረገው ነው።

መስኮቱ ተከፈተ። ሩሃማ ገና ታጥባ ያልደረቀችውን ሕፃን ታቅፋ ቆመች። ዓይኖቿ አብጠዋል። ሰዎቹን አንድ በአንድ አየቻቸው።

«ምንተስኖት?» አለች።

«አቤት» አሉ ስልሳ አራት ሰዎች።

ሚጡ ማንንም አላየችም። ነጭ ፎጣዋን በጡጫዋ ይዛ ጫፉን ትጠባለች። ያን ጊዜ ከሰልፉ ፊት አንዱ ሁለት ጣቱን አፉ ውስጥ ከተተ፤ ቀጥሎ ያለውም፤ ቀጥሎ ያለውም። ምንተስኖት እጁ በራሱ ሲነሳ አየው። አብረው አፏጩ። አጭር፣ ረጅም፣ አጭር። ከምንተስኖት አፍ አየር አልወጣም፤ ጥርት ያለ ፉጨት ወጣ፤ ከሌሎቹም ፉጨት ለይቶ አላወቀው።

ሕፃኗ ፎጣውን ከአፏ አወጣች።

ከአሮጌው የባቡር ጥገና ግቢ በኩል፣ ሣር ከበቀለበት ሃዲድ ወዲያ፣ አንድ ፉጨት መለሰ። አጭር፣ ረጅም፣ አጭር። ስልሳ አራቱም ጣታቸውን ከአፋቸው አወጡ፤ ይህን ያፏጨ ከመካከላቸው ማንም አልነበረም። ሚጡ ፊቷን ከሁሉም አዙራ ወደዚያ ሳቀች። ከዚያ ክንዷን በመስኮቱ ብረቶች መካከል አሾልካ፣ ባዶው መንገድ ላይ፣ ፎጣውን ዘረጋች።